የጉዲፈቻ ልጆች

ሰው በቋንቋው ሲኮራ የሚኮራው በምኑ ነው? በዕድሜው ነውን? በተናጋሪው ብዛት ነውን? ወይስ እናቱ አፉን ያስፈታችበት ስለሆነ ብቻ? ኩራት ከጥያቄ ስለሚቀድም ይህን ራሳችንን የምንጠይቅበት ጊዜ ጥቂት ነው። እኔን ጥያቄው የገጠመኝ ከአገሬ ርቄ፣ ባሕር ተሻግሬ ባገኘሁት በሰው ቋንቋ ደጃፍ ነው። ስለዚያ ቋንቋ፣ በእርሱም በኩል ስለ ራሳችን፣ ጥቂት ላጫውታችሁ።

ቋንቋው ካነዳ ይባላል፤ «ነ» ጠብቃ ትነበባለች። ስሙን ባነሣሁ ቁጥር ለወዳጆቼ በረዷማዋ ካናዳ ትመስላቸዋለች። ካነዳ ግን በህንድ ደቡብ ምዕራብ የሚገኘው፣ ዋና ከተማው ቤንጋሉሩ (የቀድሞዋ ባንጋሎር) የሆነው የካርናታካ ክፍለ ግዛት ቋንቋ ነው። በ2011 በተደረገው የህንድ ሕዝብ ቆጠራ 43.7 ሚሊዮን ያህል ሰዎች የአፍ መፍቻ ቋንቋችን ነው ብለው አስመዝግበውታል። (ዓ.ም. ያልተጻፈባቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ዘሩ ከሳንስክሪትና ከሂንዲ አይመዘዝም፤ ከታሚል፣ ከቴሉጉና ከማላያላም ጋር የድራቪዲያን ቤተሰብ አባል ነው።

ባለቤቶቹ ስለ ቋንቋቸው ዕድሜ ሲጠየቁ ወደ አንድ ድንጋይ ያመለክታሉ። በሐሰን አውራጃ፣ ሃልሚዲ በምትባል መንደር በ1936 የታወቀው ይህ ድንጋይ በ5ኛው መቶ ዓመት አካባቢ እንደተቀረጸ ይነገራል፤ 16 መስመር ጽሑፍ አለው። ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። በጦር ሜዳ ለጀገነ ሰው መንደር መሰጠቱን የሚናገር የጉልት ማስታወሻ ነው። በድንጋዩ ላይ የመንደሪቱ ስም «ፓልሚዲ» ተብሎ ተጽፏል። በዘመናት ውስጥ የጥንቱ ካነዳ «ፐ» ወደ «ሀ» ስለተለወጠ ዛሬ ሃልሚዲ ሆናለች፤ የጥንቱ «ፓሉ» (ወተት) ዛሬ «ሃሉ» እንደሆነው ሁሉ። የእኛዎቹ ሀ፣ ሐ እና ኀ በአንደበት አንድ ሆነው በብራና ላይ ግን ሦስት ሆነው እንደቀሩ ማሰብ ነው። አንደበት ይረሳል፤ ድንጋይና ብራና ያስታውሳሉ።

በ850 ገደማ፣ በራሽትራኩታው ንጉሥ በአሞጋቫርሻ ንሩፓቱንጋ ቤተ መንግሥት የተደረሰው «ካቪራጃማርጋ» እስከ ዛሬ ከተረፉት የካነዳ መጻሕፍት ሁሉ ቀዳሚው ነው። የቅኔን ሕግ የሚያስተምር መጽሐፍ ነው። የካነዳን ምድር ከካቬሪ ወንዝ እስከ ጎዳቫሪ ወንዝ ያካልለዋል፤ የዚያ ምድር ሰው መጽሐፍ ባያነብም ቅኔ ያውቃል ብሎ ይመሰክርለታል። ይህን ሳነብ የእኛ እረኞችና አልቃሾች ትዝ አሉኝ፤ እነርሱንም ሰምና ወርቁን ያስተማራቸው የቅኔ ጉባኤ አልነበረምና።

ሦስት መቶ ዓመት ያህል ቆይቶ፣ በ12ኛው መቶ ዓመት፣ የሺቫ አማኞች የሆኑት ባሳቫና፣ አላማ ፕራቡና አካ ማሃዴቪ «ቫቸና» የሚባለውን አጭር የስድ ግጥም አስነሡ። ከእነርሱ ጋር ታንኳ ቀዛፊው፣ ልብስ አጣቢው፣ ጫማ ሰፊው ሁሉ ገጠመ። አምላክን የሚያናግሩበት የተከበረ ልሳን ሳንስክሪት በነበረበት ዘመን እነርሱ በገበያ ካነዳ አናገሩት። ሳንስክሪትና ካነዳ በዘር ባይዛመዱም፣ በማዕረግ ግን ግዕዝ ለአማርኛ እንደሆነው ነበሩ። ደብተራ ዘነብ የዐፄ ቴዎድሮስን ታሪክ በግዕዝ ሳይሆን በአማርኛ ለመጻፍ ብዕሩን ሲያነሣ ምን ዓይነት ድፍረት እንደጠየቀው የሚያስብ አንባቢ፣ የቫቸና ደራስያንን ልብ ለመገመት አይቸገርም።

ይህ ሁሉ ክብር ግን ቋንቋውን ከመዋረድ አላዳነውም። ቲፑ ሱልጣን በ1799 ከወደቀ በኋላ የካነዳ ተናጋሪው ሕዝብ በማይሶር ንጉሣውያን፣ በቦምቤይና በማድራስ የእንግሊዝ አስተዳደሮች፣ በሃይደራባዱ ኒዛምና በሌሎችም ተከፋፍሎ ተቆራረጠ። በየደረሰበት የሌላ ልሳን ጥገኛ ሆነ፤ በዳርዋድ ማራቲ፣ በሃይደራባድ ኡርዱ ከበላዩ ተቀመጡ። በገዛ አገሩ ልጁን በቋንቋው ማስተማር ልመና የሚያሻው ነገር ሆነ። በ1890 በዳርዋድ የካርናታካ ቪድያቫርዳካ ሳንጋ፣ በ1915 ደግሞ በቤንጋሉሩ የካነዳ ሳሂትያ ፓሪሻት የተባሉት ማኅበራት የተቋቋሙት ከዚህ ቁጭት ነው። ኖቬምበር 1 ቀን 1956 የካነዳ ተናጋሪ አገሮች በአንድ ክፍለ ግዛት ተሰበሰቡ፤ በ1973 ክፍለ ግዛቱ ካርናታካ ተባለ። ዛሬም በየዓመቱ በዚያ ቀን ቢጫና ቀይ ሰንደቅ በየአደባባዩ ይውለበለባል።

እኔ ግን ቋንቋውን ያወቅሁት በሰንደቁ ሥር አልነበረም። ማይሶር ለትምህርት በቆየሁባቸው ሁለት ዓመታት የተከራየኋት ክፍል በአንዲት አሮጊት ግቢ ውስጥ ነበረች። ሰፈሩ ሁሉ «አጂ» ይላቸዋል፤ በካነዳ «አያት» ማለት ነው። እኔም እንደ ሰፈሩ አጂ አልኳቸው። እርሳቸውም «ማጋ» ይሉኛል፤ «ልጄ» እንደማለት። አመሻሽ ላይ በረንዳው ላይ ተቀምጠው ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ጋዜጣ ያነባሉ፤ የሚያዳምጣቸው ሰው ግን በቤቱ አልነበረም። ልጃቸው ቤንጋሉሩ ውስጥ በአንድ የኮምፒዩተር ኩባንያ ይሠራል፤ አብራቸው የምትኖረው የዘጠኝ ዓመት የልጅ ልጃቸው ትምህርቷን በእንግሊዝኛ ትማራለች። አጂ በካነዳ ይጠይቋታል፤ እርሷ በእንግሊዝኛ ትመልሳለች።

አንድ ቀን «አጂ፣ እርስዎ የሚያነቡትን ፊደል ያስቆጥሩኝ» አልኳቸው። ትንሽ አዩኝና ወደ ውስጥ ገቡ። ይዘውልኝ የወጡት የልጅቱን የፊደል መጽሐፍ ነበር፤ ጠርዙ እንኳ ያልታጠፈ፣ አዲስ እንደሆነ ያለ።

ጀመርን። የካነዳ ፊደል እንደ እኛ ፊደል ነው። አንዱ ተነባቢ እንደ አባት ይቆማል፤ አናባቢው ሲለወጥ ቅርጹ ቅጥያ ያበቅላል፣ ጎኑ ይቀጸላል፣ ራሱ ይታጠፋል። ይህን ረድፍ «ካጉኒታ» ይሉታል። አጂ የ«ከ»ን ቤት በዜማ ሲቆጥሩት፣ እኔም ከልጅነቴ የቀረልኝን ዜማ ይዤ ከ፣ ኩ፣ ኪ፣ ካ፣ ኬ፣ ክ፣ ኮ አልኩ። አጂ መነጽራቸውን አወለቁ።

«እናንተም ካጉኒታ አላችሁ?»

«አለን፣ አጂ፤ ሰባት ነው።»

«እንግዲያስ ባዳ አይደለህማ!» አሉና ሳቁ።

ሳቁን ሰምታ ልጅቱ ወጣች። በካነዳ ምላስን ወደ ላንቃ ቆልምሞ የሚነገር ሌላ «ለ» አለ። በአንደኛው «ለ» «ሃሊ» ሲባል እንሽላሊት ነው፤ በሌላኛው «ሃሊ» ሲባል ደግሞ መንደር ነው። ልጅቱ ሁለቱን አፈራርቃ ስትነግረኝ ለጆሮዬ አንድ ነበሩ። በሳቅ ፈረሰች። እኔም በተራዬ «ጠ»ን፣ «ቀ»ን እና «ጨ»ን አቀረብኩላት፤ በህንድ አንደበት የሌሉ ፈንጂ ድምፆች ናቸው። ጉሮሮዋን ይዛ ታገለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ የማታው በረንዳ ሦስት ሰው ያዘ። በየምሽቱ መጥታ ቃል ታስጠናኛለች፤ እርሷ የማታውቀው ቃል ሲያጋጥም አጂን ትጠይቃለች። የምትጠይቀው በካነዳ ነበር። አጂ ይህን ልብ ብለው እንደነበር አውቃለሁ፤ ምክንያቱም በዚያ ሰሞን ጋዜጣውን ከወትሮው ዘግየት ብለው ማንበብ ጀምረው ነበር፤ ልጅቱ የቤት ሥራዋን እስክትጨርስ ይጠብቋታል።

ልጅቱ ቋንቋዋ እንደ ዕቃ የሚመኙት ነገር መሆኑን ያየችው ሌላ ሰው ሲመኘው ነው። ለዘጠኝ ዓመት በቤቷ የነበረውን ሀብት ያሳያት ከሩቅ የመጣ ተከራይ ሆነ።

ወላጆችን መውቀስ ቀላል ነው። ነገር ግን በዚያ አገር አንድ አነጋገር አለ፤ «አነዳ ባሼ» ይላሉ፤ የሩዝ ቋንቋ፣ እኛ ብንለው የእንጀራ ቋንቋ። ካነዳ የእንጀራ ቋንቋ ይሁን የሚለው ጥሪ በአደባባዩ ሁሉ ይሰማል። ምክንያቱም ቤንጋሉሩ ውስጥ እንጀራ የሚጋገረው በእንግሊዝኛ ነው። ከመላው ህንድ ሥራ ፈላጊ ስለሚጎርፍባት፣ በከተማዋ ካነዳ አፍ መፍቻው የሆነ ነዋሪ ከግማሽ በታች ነው። በ1982 ተዋናዩ ራጅኩማር፣ እርሱ ራሱ ትምህርቱን በልጅነቱ ያቋረጠ ሰው፣ ካነዳ በትምህርት ቤቶች የመጀመሪያውን ሥፍራ ያግኝ ብሎ ሲነሣ ሕዝብ ከየከተማው ተከትሎት ወጣ። በ2014 ደግሞ የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት፣ መንግሥት አንደኛ ደረጃን በአፍ መፍቻ ቋንቋ አስተምሩ ብሎ ሊያስገድድ አይችልም፣ ምርጫው የወላጅ ነው ሲል ወሰነ። ምርጫው የወላጅ ከሆነ እንግዲህ የቋንቋው ዕጣ የሚቆረጠው በምክር ቤት አዳራሽ ሳይሆን በአጂ በረንዳ ነው።

ታዲያ ካነዳን እስከዚህ ማን አደረሰው? ይህን ስመረምር ነው ኩራትን በተመለከተ የነበረኝ አስተሳሰብ የተለወጠው። የካነዳ ጸሐፍት የህንድን ከፍተኛ የሥነ ጽሑፍ ሽልማት፣ ጅናንፒትን፣ እስካሁን ስምንት ጊዜ ተሸልመዋል። የመጀመሪያው በ1967 የተሸለመው ኩቬምፑ ነው። ከስምንቱ መካከል ግን ባለቅኔው ቤንድሬ ቤተሰቡ ማራቲ ተናጋሪ ነበር። ማስቲ ቬንካቴሻ አይየንጋር የታሚል ቤት ልጅ ነበር። ጸሐፌ ተውኔቱ ጊሪሽ ካርናድ ከኮንካኒ ተናጋሪዎች ተወለደ። ወደ ኋላ ብንሄድ፣ በ1894 የታተመውንና 70,000 ያህል ቃላት የያዘውን ታላቁን የካነዳ መዝገበ ቃላት ያዘጋጀው ፈርዲናንድ ኪተል የሚባል ጀርመናዊ ሚስዮናዊ ነው፤ ቤንጋሉሩ ውስጥ ሐውልት ቆሞለታል። ካነዳ ከአብራኩ በወጡት ብቻ ቢቀመጥ ኖሮ ዛሬ ግማሽ ቤቱ ባዶ ይሆን ነበር። ያቆሙት፣ መርጠውት የመጡ የጉዲፈቻ ልጆችም ናቸው።

«ጉዲፈቻ» የሚለው ቃል ራሱ የጉዲፈቻ ልጅ ነው፤ አማርኛ ከኦሮምኛ ወስዶ ያሳደገው። እንዲህ ያሉትን ልጆች በእኛም ቤት መቁጠር አያዳግትም። ስብሐት ገብረ እግዚአብሔር አድዋ አካባቢ በትግርኛ አፉን ፈትቶ ነው የአማርኛን ስድ ንባብ እንደ ውኃ ያፈሰሰው። «ልጅነት» በተባለው መድበሉ የአማርኛን ግጥም ወደ አዲስ ጎዳና የወሰደው ሰሎሞን ደሬሳ የወለጋ ኦሮሞ ነበር። ከሁሉ ይልቅ ግን እዚያ በረንዳ ላይ ሆኜ የማስበው በዓሉ ግርማን ነበር። ኢሉባቦር ከኢትዮጵያዊት እናትና ከህንዳዊ ነጋዴ አባት የተወለደው በዓሉ፣ «ከአድማስ ባሻገር»ን እና «ኦሮማይ»ን ለአማርኛ አበረከተ፤ ስለጻፈውም በ1976 ዓ.ም. ወጥቶ ቀረ። አንድ ሰው ለቋንቋ ከዚህ የበለጠ ምን ይሰጣል? ደሙ ግማሽ ነው ብሎ የሚመዝነው ማን ነው?

ጉዞው በተቃራኒውም ተደርጓል። በካርናታካ ጫካማ ሰሜናዊ ወረዳዎች ሲዲ የሚባሉ የአፍሪካ ተወላጆች ይኖራሉ፤ ቅድመ አያቶቻቸው ከዘመናት በፊት በባርነትና በወታደርነት ባሕር ተሻግረው የሄዱ ናቸው። ዛሬ ኮንካኒና ካነዳ ይናገራሉ። ከመካከላቸው ሄጎዱ በምትባል መንደር በሚገኘው የኒናሳም የቲያትር ትምህርት ቤት ሠልጥነው በካነዳ መድረክና ፊልም ላይ የሚጫወቱ ወጥተዋል። የህንዱ ነጋዴ ልጅ በአማርኛ ልብ ወለድ ይጽፋል፤ ከአፍሪካ የተጋዙት ሰዎች ልጅ በካነዳ ቲያትር ይሠራል። ቋንቋ በየመንገዱ ያገኘውን ልጅ ሲያነሣ የኖረ ቤት ነው።

ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላ ጥላውን ሳልጠቅስ ማለፍ ለቋንቋ ወዳድ አይገባም። በ1991 በካቬሪ ወንዝ ውኃ ጠብ ሰበብ ቤንጋሉሩ ውስጥ ታሚሎች ስለ ቋንቋቸው ተደብድበዋል፤ ንብረታቸው ተቃጥሏል። በካርናታካ የባሕር ዳርቻ የሚነገረው የቱሉ ቋንቋ ተናጋሪዎች ልሳናቸው በሕገ መንግሥቱ የቋንቋዎች ዝርዝር እንዲገባ ለዓመታት ሲጠይቁ ኖረዋል፤ ትላንት ከማራቲ ሥር «እኔም አለሁ» ሲል የነበረው ካነዳ ዛሬ ለሌላው ጣሪያ ሆኗል። እኛም ከዚህ ነፃ አይደለንም። በንጉሡ ዘመን አማርኛ ብቸኛው የአንደኛ ደረጃ ማስተማሪያ ቋንቋ በነበረበት ጊዜ፣ የእናታቸውን ቃል ደጅ አስቀምጠው ወደ ክፍል የገቡ ስንት ሕፃናት ነበሩ! በጉዲፈቻ የሚመጣ ልጅ ወዶ ሲመጣ በረከት ነው፤ ተጎትቶ ሲመጣ ግን ቂም ይዞ ያድጋል። ስብሐትና ሰሎሞን ለአማርኛ የሰጡትን ስጦታ የማከብረውን ያህል፣ ስጦታው ዕዳ ተደርጎ የተጫነባቸውንም አልረሳም። ኩራት ይህን ሁለቱን በአንድ እጅ መያዝ ካልቻለ ትዕቢት ነው።

በሜይ 2025 የዓለም አቀፉ ቡከር ሽልማት ለመጀመሪያ ጊዜ ለካነዳ መጽሐፍ ተሰጠ። መጽሐፉ «የልብ መብራት» የተባለ የአጫጭር ልብ ወለዶች ስብስብ ነው፤ ደራሲዋ ባኑ ሙሽታቅ፣ ወደ እንግሊዝኛ የመለሰችው ዲፓ ባስቲ ናቸው። ባኑ ከኡርዱ ተናጋሪ ሙስሊም ቤተሰብ ተወልዳ፣ በስምንት ዓመቷ ካነዳ ማስተማሪያው ወደሆነ ትምህርት ቤት ስትገባ በስድስት ወር ማንበብና መጻፍ እንድትችል ቅድመ ሁኔታ ተደርጎባት ነበር። በጥቂት ቀናት መጻፍ ጀመረች። ከዚያም ጠበቃ ሆነች፤ ታሪክ አልባ ተደርገው የኖሩትን የሙስሊም ሴቶች ታሪክ፣ ወንዶቹንም ሹሞቹንም ሳታፍር፣ በካነዳ ጻፈች።

የተወለደችው በሐሰን ነው። ያ ጥንታዊ ድንጋይ የተገኘባት ሃልሚዲም ያለችው በዚያው አውራጃ ነው። በአንድ አውራጃ ውስጥ፣ ከአንድ ሺህ አምስት መቶ ዓመት ርቀት ላይ፣ ሁለት ጽሑፎች ይተያያሉ። አንደኛው ጀግና ጉልት መቀበሉን ይናገራል። ሁለተኛው ጉልት ያልደረሳቸውን ሴቶች ይናገራል። ሁለቱም ካነዳ ናቸው። ድንጋዩን ብቻ ይዞ የቀረ ቋንቋ ሙዚየም ይሆን ነበር፤ ካነዳን ሕያው ያደረገው ከኡርዱ ቤት የመጣችዋን ሕፃን ፊደል ማስቆጠሩ ነው።

እኛም ድንጋይ አለን፤ ብራናም አለን። ፊደላችን የራሳችን መሆኑን በየጉባኤው እንናገራለን፤ እናኮራለንም። በዚያው ምሽት ቤታችን ስንገባ፣ አዲስ አበባም ይሁን ዋሽንግተን፣ «ልጄ፣ ዋልሽ ወይ?» ስንል በእንግሊዝኛ የሚመልስልን ድምፅ አለ። የእህቴ ልጆች እንደዚያ ናቸው፤ አልቆጣቸውም። ባለፈው ክረምት ከመካከላቸው ትንሿ «ጠ» በሉልኝ ብላ የጎረቤትን የውጭ አገር ሰው ልጅ ስታስቸግር አየኋት። የልጁ ጉሮሮ እንቢ ሲለው የእርሷ ዓይን በራ። እዚያው ቆሜ ብዙ ጊዜ አየኋቸው።

ስለዚህ መጀመሪያ ላነሣሁት ጥያቄ ይህን እላለሁ፦ በቋንቋ መኩራት በሩን ለሚያንኳኳ ሁሉ ፊደል ለማስቆጠር መቀመጥ ነው፤ የሚያንኳኳው የገዛ ልጃችን ቢሆንም፣ ከሩቅ የመጣ ባዳ ቢሆንም፣ ትላንት በግድ ያስገባነውና ዛሬ በፈቃዱ የሚመለስ ወንድማችን ቢሆንም። ነገ አንዱ መጥቶ «ያስቆጥሩኝ» ቢለን፣ የፊደል ገበታው በቤታችን የት እንዳለ እናውቃለን?